እምቢ ያለ ሌቨል እንዴት ይታለፋል?



የዛሬው ርእስ የስልክ ጨዋታ ነው። በሰሊጥ ዋጋ፣ በድንበር ንግድና በሰላም ጉዳይ ልቡ በተያዘ ሕዝብ ፊት ቆሞ ስለ ጌም ማውራት ቅንጦት እንደሚመስል አውቃለሁ። ነገሩ ግን ለማናችንም እንግዳ አይደለም፤ ከሸሕዲ እስከ መተማ ዮሐንስ ስልክ የያዘ ልጅ ባለበት ሁሉ አለ። በ2015 ዓ.ም. ክረምት በክልላችን በአማራ የሞባይል ኢንተርኔት ተቋርጦ ለብዙ ወራት ሲቆይ ፌስቡክና ቲክቶክ ጸጥ አሉ፤ ያለ ኢንተርኔት የሚሠራና በዜንደር ከስልክ ወደ ስልክ የሚተላለፍ ጌም ግን ጸጥ የሚልበት ምክንያት አልነበረውም። ከእነዚህ ጌሞች መካከል ዕቃ የሚወረወርባቸው፣ ገመድ የሚቆረጥባቸው፣ የተደረደረ ነገር የሚናድባቸው፣ ባጠቃላይ የፊዚክስ እንቆቅልሽ ሊባሉ የሚችሉ አሉ። ተጫዋቹ አሥሩን ሃያውን ሌቨል እንደ ቀልድ ያልፍና አንዱ ላይ ሲደርስ ይቆማል። ደግሞ ይሞክራል፣ ደግሞ ይወድቃል። እኔ ዛሬ የምከራከረው ይህንን ነው፦ ያ ሌቨል በእጅ ቅልጥፍና፣ በዕድል ወይም በትዕግሥት ብቻ አይታለፍም፤ የሚታለፈው ተጫዋቹ ጣቱን ከስክሪኑ ከማንሣቱ በፊት ምን እንደሚሆን በቃል መናገር ሲችል ነው።

ብዙዎቻችሁ የምታውቁትን አንግሪ በርድስ እንውሰድ። ሮቪዮ የተባለው የፊንላንድ ኩባንያ በ2009 እ.ኤ.አ. መጨረሻ ያወጣው ጌም ነው። በባላ እንጨት ላይ ላስቲክ ተወጥሯል፤ ወፍ ይጫንበትና ወደ ኋላ ተስቦ ይለቀቃል፤ አረንጓዴ አሳማዎች ደግሞ ከመስታወት፣ ከእንጨትና ከድንጋይ በተሠራ ምሽግ ውስጥ ተቀምጠዋል። እግረ መንገዴን ልናገርና፣ በእኛ ቆላ ነገሩ የተገላቢጦሽ ነው። እዚህ ወፍ አይወረወርም፤ ይወረወርበታል እንጂ። አንዲት ግሪሳ በቀን ወደ 10 ግራም እህል ትበላለች፤ አንድ ሚሊዮን ግሪሳ ያረፈበት የማሽላ አገር በቀን 100 ኩንታል ይገብራል ማለት ነው። የመርጨት አውሮፕላን የሚያስነሣ ወፍ ነውና የፊንላንድ ሰዎች አንድ ወቅት ማሽላ ቢጠብቁ ኖሮ በዚያ ጌም ውስጥ ከማን ወገን እንደሚቆሙ ደግመው ባሰቡ ነበር። ወደ ቁም ነገሩ ስንመለስ፣ ከጌሙ በስተጀርባ ቦክስ ቱ ዲ የሚባል የስሌት ፕሮግራም አለ። ኤሪን ካቶ የተባለው ባለሙያ በ2006 እ.ኤ.አ. በጌም ሠሪዎች ጉባኤ ካቀረበው ሥራ የተነሣና ማንም በነፃ ሊጠቀምበት የሚችል ነው። ፕሮግራሙ ጊዜን ብዙውን ጊዜ ወደ አንድ ስድሳኛ ሰከንድ ይቆራርጣል፤ በእያንዳንዱ ቁራጭ ስበት የወፏን ፍጥነት ወደ ታች በጥቂቱ ይጨምራል፤ የተነካኩት ዕቃዎች ይገፋፋሉ፤ ሰበቃ ያዘገያቸዋል። በዚህ መሐል ዕጣ የሚጥል የለም። ያልታለፈው ሌቨል ለተጫዋቹ ተንኮለኛ ቢመስለውም ሕጉ ከመጀመሪያው ሌቨል ሕግ አልተለወጠም።

ሕጉ ካልተለወጠ ለምን ይከብዳል? እስቲ በቁጥር እንየው። ላስቲኩ እስከ መጨረሻው ተስቧል እንበል፤ ተጫዋቹ የሚመርጠው አቅጣጫውን ብቻ ነው። ጣት በስክሪን ላይ 100 ያህል የተለያዩ አቅጣጫዎችን መለየት ቢችል፣ ወፏ በአየር ላይ ሳለች ስክሪኑን ነክቶ ልዩ ኃይሏን ለማስነሣት ደግሞ 20 ያህል የተለያዩ ቅጽበቶች ቢኖሩት፣ ለአንዲት ወፍ 2,000 ምርጫ አለው። ሌቨሉ ሦስት ወፍ ከሰጠው ምርጫው 8 ቢሊዮን ይደርሳል። አንዱ ሙከራ 10 ሰከንድ ቢፈጅ ሁሉንም ለመጨረስ ከ2,500 ዓመት በላይ ያስፈልጋል። ቀላል ሌቨል ቀላል የሚሆነው ከእነዚህ ቢሊዮን ምርጫዎች ውስጥ ብዙዎቹ ስለሚያሳልፉ ነው፤ እንዲሁ የተወረወረች ወፍም አሳማ ታገኛለች። ከባዱ ሌቨል የሚያሳልፉትን ምርጫዎች ጥቂት ያደርጋቸዋል። እዚያ ላይ ሳያስቡ መወርወር ውኃ ቢወቅጡት እንቦጭ ነው።

ይህ የደካማ ተጫዋች ሰበብ እንዳይመስላችሁ የኮምፒውተርን ምስክርነት እንስማ። ኮምፒውተር የቼዝን የዓለም ሻምፒዮን ጋሪ ካስፓሮቭን በ1997 እ.ኤ.አ. አሸንፏል፤ ጎ በሚባለው እጅግ ውስብስብ የእስያ ጨዋታም ሊ ሴዶልን በ2016 ረትቷል። ከ2012 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ደግሞ ተመራማሪዎች አንግሪ በርድስን ራሳቸው የሚጫወቱ ፕሮግራሞችን የሚያወዳድሩበት ዓለም አቀፍ ውድድር ሲካሄድ ቆይቷል። ፕሮግራሞቹ አይተውት የማያውቁት ሌቨል ይሰጣቸዋል፤ ለብዙ ዓመታት በተደረጉት ውድድሮችም ጎበዝ የሆኑ ሰዎችን መርታት አልቻሉም። ማቲው ስቲቨንሰን፣ ዮኸን ሬንዝና ሺያዩ ጌ በ2020 እ.ኤ.አ. ባሳተሙት ጥናት ደግሞ የዚህ ዓይነቱ ጨዋታ መፍትሔ ፍለጋ በኮምፒውተር ሳይንስ ከባድ ከሚባሉት የችግር ክፍሎች ውስጥ እንደሚመደብ በሒሳብ አረጋግጠዋል። በቼዝ ፈረሱ የት እንደሚያርፍ ከመንቀሳቀሱ በፊት ይታወቃል። እዚህ ግን ወፏ ግንቡን ስትመታ ግንቡ እንዴት እንደሚፈርስ እስኪፈርስ ድረስ በትክክል አይታወቅም። ሰው ማሽኑን የሚበልጠው ፈጥኖ ስለሚሞክር ሊሆን አይችልም፤ በሙከራ ብዛትማ ማሽኑ ይበልጠዋል። የሚበልጠው «ያንን ምሰሶ ብነካው ጣሪያው በራሱ ክብደት ይወርዳል» ብሎ አስቀድሞ ማየት ስለሚችል ነው።

ሆኖም ይህ የሰው ማየት ራሱ ጉድለት አለበት፤ የከባድ ሌቨል ሠሪም የሚያጠምደው በዚያው ጉድለት ነው። ማይክል መክሎስኪና ባልደረቦቹ በ1980 እ.ኤ.አ. በታተመ ጥናታቸው ለዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ሥዕል አቀረቡ። እንደ ቀንድ አውጣ ቅርፊት በተጠማዘዘ ቱቦ ውስጥ የገባ ኳስ ሲወጣ በየት በኩል ይሄዳል? ትክክለኛው መልስ ቀጥ ብሎ ነው፤ ከመላሾቹ ብዙዎቹ ግን ኳሱ እየተጠማዘዘ እንደሚቀጥል አድርገው ሣሉት። በክር ታስሮ የሚሽከረከር ኳስ ክሩ ቢበጠስም እንዲሁ ይጠመዘዛል ያሉ ነበሩ። አሁን ማሽላ የሚጠብቀውን ልጅ አስቡት። ማማው ላይ ቆሞ ወንጭፉን ያሽከረክራል፤ አንዱን ጫፍ ሲለቀው ድንጋዩ ክቡን ትቶ በለቀቀበት ቅጽበት ባቀናበት አቅጣጫ ቀጥ ብሎ ይሄዳል፤ ወፏ ወዳለችበትም ይደርሳል። የዚያ ልጅ እጅ የሚያውቀውን የዩኒቨርሲቲው ተማሪ እርሳስ ሳያውቀው ቀረ። ከዚህ «ተግባር ከትምህርት ይበልጣል» የሚል መደምደሚያ ለማውጣት የሚቸኩል ይኖራል፤ እኔ አልስማማም። ወረቀቱ ለዚያው ለወንጭፈኛው ልጅ ቢሰጠው እሱም የተጠማዘዘ መሥመር ሊሥል ይችላል። የእጅ ዕውቀት እጁ በለመደው ነገር ላይ ብቻ ይሠራል። ወንጭፉን ሲለውጡበት፣ ድንጋዩን ሲያከብዱበት፣ ወይም የፊንላንዱን ላስቲክ ሲሰጡት እንደገና ከዜሮ ይጀምራል። ከባድ ሌቨልም እንዲሁ ከዚህ በፊት ያልተለመደ ነገር አምጥቶ የእጅን ዕውቀት ባዶ የሚያደርግ ቦታ ነው። የሚያሻግረው ከእጅ ወደ አፍ የመጣ፣ በቃል ሊነገር የሚችል ዕውቀት ነው።

ምን ዓይነት ቃል? ከበረራው እንጀምር። ሬት አሌይን የተባለ የፊዚክስ መምህር በ2010 እ.ኤ.አ. የጌሙን ቪዲዮ ምስል በምስል እየለካ የወፏን ጉዞ መርምሮ ነበር። ወደ ፊት ያለው ፍጥነቷ አይለወጥም፤ ወደ ታች ያለው በእኩል መጠን ይጨምራል። ጋሊሊዮ በ1638 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ የተነተነው ጉዞ ይኸው ነው። (ስበቱ የምድር ስበት ነው ከተባለ ያ ባላ እንጨት ወደ አምስት ሜትር ይረዝማል፤ ወፎቹም ቀላል ወፎች አይደሉም።) ከዚህ ሕግ ለተጫዋቹ የሚበጅ አንድ ነገር ይወጣል፦ ወፏ በተነሣችበት ከፍታ ላይ ወዳለ ዒላማ በእኩል ፍጥነት የሚያደርሱ ሁለት አቅጣጫዎች አሉ፤ ድምራቸውም 90 ዲግሪ ነው። በ30 ዲግሪ የተለቀቀችውና በ60 ዲግሪ የተለቀቀችው እዚያው ያርፋሉ፤ ሥራቸው ግን ለየቅል ነው። የ30ዋ ከፍጥነቷ 87 በመቶ ያህሉን ወደ ፊት ይዛ ግንቡን ከጎን ትመታለች። የ60ዋ ወደ ፊት የሚገፋው ፍጥነቷ ግማሽ ብቻ ነው፤ አየር ላይ 1.7 እጥፍ ቆይታ ከላይ ትወርዳለች፤ ከግንብ ጀርባ የተደበቀውን ታገኛለች። ከባድ ሌቨል ላይ የቆመ ተጫዋች አብዛኛውን ጊዜ ዝቅተኛውን ጉዞ ብቻ በጥቂቱ ከፍ ዝቅ እያደረገ ይደጋግማል። ሁለተኛው መንገድ መኖሩን ትምህርት ቤት ተምሮት ይሆናል፤ ጌሙ ውስጥ ግን ትዝ አይለውም።

ከበረራው በኋላ ግጭት፣ ከግጭት በኋላ ናዳ ይመጣል። ረጅምና ቀጭን ምሰሶ ጫፉ ላይ ሲመታ ይገለበጣል፤ እግሩ ላይ ሲመታ ይንሸራተት ወይም ባለበት ይቀር ይሆናል፤ ያው ግፊት ከመሬት በራቀ ቁጥር የመገልበጥ ጉልበቱ ይጨምራልና። አጭርና ሰፊ ድንጋይ ግን የትም ቢመቱት በቀላሉ አይገለበጥም። ሰማያዊዋ ወፍ ለሦስት ተከፍላ መስታወት ትሰብራለች፤ ቢጫዋ ፈጥና እንጨት ትሰነጥቃለች፤ ጥቁሯ ፈንድታ ድንጋይ ታነሣለች። እንግዲህ ሙከራው ሲከሽፍ የተበላሸው ከሦስቱ፣ ከበረራ፣ ከግጭትና ከናዳ፣ የትኛው ነው? ወፏ ያሰብኩት ቦታ አልደረሰችም? ይህ የበረራ ስሕተት ነው፤ አቅጣጫ ይታረማል። ያሰብኩት ቦታ ደርሳ ያሰብኩትን አልሰበረችም? የግጭት ስሕተት ነው፤ ወፍ ወይም ቅጽበት ይለወጣል። የፈለግኩትን ሰብራ ግንቡ ያልጠበቅኩት ወገን ወደቀ? ይህ የናዳ ስሕተት ነው፤ ዕቅዱ ከሥሩ የተሳሳተ ስለሆነ መቀየር አለበት። ሌቨል ላይ ተቸንክሮ የቀረን ሰው በትኩረት ብትመለከቱት ሦስቱንም ስሕተት በአንድ መድኃኒት፣ በአቅጣጫ ማስተካከል፣ ሊፈውስ ሲታገል ታገኙታላችሁ። የተበላሸው ናዳው ሆኖ ሳለ በረራውን ያርማል። ይህን የሚያደርገው ሰነፍ ስለሆነ አይደለም፤ ከመልቀቁ በፊት ምን እንደሚጠብቅ ስላልተናገረ ከሦስቱ የትኛው እንደጎደለ ማወቂያ የለውም። «ይህች ወፍ ከላይኛው ሳንቃ ቀኝ ጫፍ ላይ ታርፋለች፣ ሳንቃው ይሰበራል፣ ድንጋዩ በአሳማው ላይ ይወድቃል» ብሎ የለቀቀ ሰው ግን ዓረፍተ ነገሩ የት ላይ እንደተቆረጠ ያያል።

ጌሙ ራሱ ለዚህ ሥራ የተዘጋጀ አንድ ነገር አለው፤ ብዙዎች ግን ጌጥ ይመስላቸዋል። ወፏ በሄደችበት መንገድ ላይ ነጭ የነጠብጣብ ዱካ ይቀራል፤ ቀጣይዋ እስክትለቀቅም አይጠፋም። ያ ዱካ የመጨረሻው ሙከራ መዝገብ ነው። በዱካው ከፍተኛ ነጥብ ላይ ጣትን አድርጎ «ከዚህ በጥቂቱ ዝቅ ካለ እዚያ ያርፋል» ማለት ይቻላል፤ አንድ ነገር ብቻ ለውጦ ሌላውን ሁሉ እንደነበረ መተው ይቻላል። ሁለት ነገር በአንድ ጊዜ የለወጠ ተጫዋች ቢሳካለትም በየትኛው እንደተሳካለት አያውቅም። ከሁሉ በፊት ደግሞ አንድም ወፍ ሳይለቅቁ ምሽጉን ከመጨረሻው ወደ መጀመሪያው ማንበብ ይጠቅማል፦ በአንድ መንገድ ብቻ ሊገኝ የሚችለው አሳማ የትኛው ነው? ለእሱ የምትሆነው ወፍ የትኛዋ ናት? እሷ ተራዋ ስንተኛ ነው? ወፎቹ በተራ ስለሚመጡ ይህ ጥያቄ ሲመለስ የሌሎቹ ሥራ በአብዛኛው ይወሰናል። የሒሳብ ሊቁ ጆርጅ ፖልያ በ1945 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ ካስተማራቸው ዘዴዎች አንዱ ይኸው ከፍጻሜው ወደ ኋላ መሥራት ነው።

በሌላ ዓይነት ጌምም ያው ነው። ዜፕቶላብ በ2010 እ.ኤ.አ. ባወጣው ከት ዘ ሮፕ ከረሜላ በገመድ ተንጠልጥሎ ይወዛወዛል፤ ገመዱ ተቆርጦ ከረሜላው አፉን ከፍቶ ወደሚጠብቀው፣ ኦም ኖም ወደተባለው ፍጡር መድረስ አለበት። የት ላይ ይቆረጥ? የመወዛወዙ ጫፍ ላይ ከተቆረጠ ከረሜላው ለቅጽበት ቆሞ ነበርና ቀጥ ብሎ ይወድቃል። ታች መሐሉ ላይ ከተቆረጠ ፍጥነቱ ከፍተኛ ነው፤ ወደ ጎን ተስፈንጥሮ በጎባጣ መንገድ ይወርዳል። በ1981 እ.ኤ.አ. እነ መክሎስኪ ይህንኑ ጥያቄ፣ የሚወዛወዝ ኳስ ክሩ ቢቆረጥ በየት እንደሚሄድ፣ ለተማሪዎች አቅርበው ነበር። አብዛኞቹ ትክክለኛውን መንገድ አልሣሉም። ከሠላሳ ዓመት ገደማ በኋላ ያ የፈተና ጥያቄ ከረሜላ ተንጠልጥሎበት በስልክ ተሸጠ፤ ሰዎችም ወደዱት።

አሁን ወደ ተቃውሞው። የመጀመሪያው «ብዙ ሰው እኮ ሳያስብ፣ እየደጋገመ ብቻ ያልፋል» የሚል ነው። እውነት ነው፤ ያልፋል። ያለፈውን ሌቨል መልሶ እንዲጫወት ሲጠየቅ ግን አብዛኛውን ጊዜ አይደግመውም። ምክንያቱ የሚታወቅ ነው፤ በግጭት ውስጥ ትንሿ ልዩነት ትባዛለች። ጣት በስክሪኑ ላይ ለዓይን በማይታይ መጠን ብትዛነፍ የመጀመሪያው ሳንቃ በጥቂቱ ይዛነፋል፣ ሦስተኛው በብዙ፣ አምስተኛው ጨርሶ ሌላ ወገን ይወድቃል። እዚህ ላይ የአገራችን ሙቀትም የራሱ ድርሻ ሊኖረው ይችላል። አፕል ስልኮቹ ከ0 እስከ 35 ዲግሪ ባለው አየር ውስጥ እንዲሠሩ ይመክራል፤ ሸሕዲ ደግሞ በበጋው ማብቂያ ከ40 ዲግሪ በላይ ትደርሳለች። የጋለ ስልክ ራሱን ለመጠበቅ ፍጥነቱን ይቀንሳል፤ ምስሉ ይቆራረጣል፤ ስሌቱን ከምስሉ ፍጥነት ጋር ባሰረ ጌም ውስጥ ያው አወራወር ጠዋት አንድ፣ ቀትር ላይ ሌላ ውጤት ሊሰጥ ይችላል። ስለዚህ ትክክለኛ ዕቅድም አንዳንዴ ይከሽፋል፤ የተሳሳተ ዕቅድም አንዳንዴ ይሳካል። ይህ ለእኔ ክርክር መከታ እንጂ መፍረሻ አይደለም። ዕቅዱን በቃል ያስቀመጠ ሰው አንድ ጊዜ ቢከሽፍበት «በረራው ሳተ እንጂ ዕቅዱ ልክ ነው» ብሎ ይደግመዋል፤ ያላስቀመጠው ደግሞ ልክ የነበረውን ዕቅድ ጥሎ ወደ ሌላ ይዘላል። ሌቨሉ በድንገት የተከፈተለት ሰው ቀጣዩ ከባድ ሌቨል ላይ ያለ ስንቅ ይደርሳል።

ሁለተኛው ተቃውሞ «የጌም ፊዚክስ ውሸት ነው» ይላል። ይህም በከፊል እውነት አለው። አንግሪ በርድስ ውስጥ ወፏን የሚያዘገይ አየር የለም። ማሳ ላይ አለ፤ ስለዚህ በሜዳ ላይ ድንጋይ እሩቅ የሚሄደው በ45 ዲግሪ ሲወረወር አይደለም፣ ከዚያ ዝቅ ሲል ነው። በጌም ውስጥ ደግሞ እጅግ ፈጣን ነገር በቀጭን ግድግዳ ውስጥ ሾልኮ ሊያልፍ ይችላል፤ ፕሮግራሙ በሁለት የጊዜ ቁራጮች መካከል የሆነውን ካላየ ግድግዳውን ሳያገኘው ይቀራልና። ነገር ግን የመማሪያ መጽሐፉም «የአየር ሰበቃን ትተን» ብሎ ነው የሚጀምረው። ውሸትነቱ የት ላይ እንደሆነ ከታወቀ ጌሙ አየር ከሌለበት ዓለም የመጣ ላቦራቶሪ ነው፤ ላቦራቶሪ የሌለው ትምህርት ቤት ደግሞ በአገራችን ብዙ ነው። ልዩነቱን የሚጠይቅ ተማሪ ሁለቱንም ዓለም ይማራል።

ዩቲዩብ ላይ መፍትሔውን አይቶ ማለፍ ስለሚቻልበት ነገር ብዙ አልልም። ሮቪዮ ራሱ በገንዘብ የሚገዛና ሌቨሉን ጠራርጎ የሚያሳልፍ ማይቲ ኢግል የተባለ ንሥር ሸጧል፤ ተስፋ መቁረጥም ዋጋ ወጥቶለት ነበር ማለት ነው። የሌላ ሰው መፍትሔ ካለፉ በኋላ ከራስ ጋር ለማመሳከር ይጠቅማል፤ ከዚያ በፊት ግን ምንም አያስተምርም።

ከሁሉ የሚከብደው ተቃውሞ «ጌም ላይ የተማረ ሰው ከጌም ውጭ ምን ይጠቅመዋል?» የሚለው ነው። በዚህ ላይ የጌም ወዳጆች የሚነዙት ማጋነን ብዙ ስለሆነ ጥንቃቄ ያሻል። ኤድሪያን ኦወንና ባልደረቦቹ በ2010 እ.ኤ.አ. ኔቸር በተባለው መጽሔት ባሳተሙት ጥናት 11,430 ሰዎች ለስድስት ሳምንት አእምሮን ያሠለጥናሉ የተባሉ የኮምፒውተር ልምምዶችን ሠሩ። በሠለጠኑበት ልምምድ ጎበዙ፤ ከዚያ ውጭ በተሰጣቸው ፈተና ግን ለውጥ የሚባል አልታየም። ስለዚህ «ጌም ብልህ ያደርጋል» የሚል ማስታወቂያ ስታዩ አትመኑ። ጠበብ ያለ ጥያቄ ሲጠየቅ ግን መልሱ ይለያል። በአሜሪካ ፍሎሪዳ ስቴት ዩኒቨርሲቲ ቫለሪ ሹትና ባልደረቦቿ ሆን ብለው ለትምህርት የሠሩት የፊዚክስ እንቆቅልሽ ጌም አለ፤ ተማሪው በእጁ መንሸራተቻ፣ ማንሻና ፔንዱለም እየሣለ ኳስን ወደ ፊኛ ያደርሳል። የስምንተኛና የዘጠነኛ ክፍል ተማሪዎች ለጥቂት ሰዓታት ከተጫወቱ በኋላ በፊዚክስ ፅንሰ ሐሳብ ፈተና መጠነኛ መሻሻል አሳይተዋል። መጠነኛ ነው፤ ከዚያ በላይ አላስፋውም። ከሁለቱ ጥናቶች የምረዳው ጌሙ የሚያስተምረው በውስጡ ያለውን ነገር ብቻ መሆኑን ነው። ውስጡ ስበትና ማንሻ ካለ ስለ ስበትና ማንሻ ሊያስተምር ይችላል፤ ያውም ተጫዋቹ የሆነውን በስሙ ሲጠራው።

«ልጆቻችን ፈተና እየወደቁ አንተ ጌም ትሰብካለህ?» የሚል ወላጅ ቢነሣ ቁጣው ይገባኛል። በ2015 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ብሔራዊ ፈተና 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.2 በመቶ ብቻ ነበሩ፤ በ2016 ደግሞ 5.4 በመቶ። ይህን ችግር ጌም አይፈታውም። ጌም ሰዓት ይበላል፤ አንዳንዱም ልጁ ለጥቂት ሳትኩ ብሎ እንዲደግም፣ ሲሰለችም እንዲከፍል ሆኖ ተሠርቷል። ስልኩን ሌሊት ከልጁ እጅ የሚወስድ ወላጅ ልክ ነው። እኔ የምጠይቀው የጨዋታ ሰዓት ይጨመር ብዬ አይደለም። ሁለት መቶ ጊዜ ሳይናገሩ ከመወርወር ሃያ ጊዜ ተናግሮ መወርወር ይበልጣል ነው የምለው፤ ይህም የጨዋታውን ሰዓት ያሳጥረዋል እንጂ አያረዝመውም።

ስለዚህ ጥያቄዬ ለአካባቢያችን የፊዚክስ መምህራን ነው። የውርወራ እንቅስቃሴን በምታስተምሩበት ሳምንት አንድ ክፍለ ጊዜ ስጡት። ለእያንዳንዱ ተማሪ ስልክ አያስፈልግም፤ እንዲያውም ለአምስት ተማሪ አንድ ስልክ ይሻላል። አንዱ ይይዛል፤ አራቱ ከመለቀቁ በፊት ወፏ የት እንደምታርፍ፣ ምን እንደምትሰብር፣ ግንቡ ወዴት እንደሚወድቅ በየደብተራቸው ይጽፋሉ። ከተለቀቀ በኋላ የማን ዓረፍተ ነገር የት ላይ እንደሳተ ይከራከሩ፤ በረራ ነው፣ ግጭት ነው፣ ናዳ ነው። ማሽላ የጠበቁ ልጆች በክፍሉ ካሉ ወንጭፍ ሲለቁ ድንጋዩ በየት እንደሚሄድ በሰሌዳው ላይ ይሣሉ። ፕሮግራም መጻፍ ለጀመሩ ወጣቶች ደግሞ አንድ ቃል አለኝ። አዲስ አበባ የሚገኘው ቅኔ ጌምስ «ኩኩሉ» የተባለውን የዶሮ ሩጫ ጌም ከ2018 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ለዓለም አቅርቧል፤ ቦክስ ቱ ዲም በነፃ ይገኛል። ማማና ግሪሳ ያለበት፣ የአየር ሰበቃም የተሰላበት የወንጭፍ ጌም ሥሩ። መምህራኑ ግን ያን ጌም እስኪሠራ አይጠብቁ፤ በሚቀጥለው መንፈቅ ዓመት በአንድ ክፍል ይሞክሩት፣ ተማሪዎቹ የጻፉትን ይሰብስቡ፣ ያገኙትን ውጤት በጎም ይሁን ክፉ ለወረዳው ትምህርት ጽሕፈት ቤት በጽሑፍ ያቅርቡ።